ኮቴ የሌለበት ሜዳ

የእናት ሆድ ዥንጉርጉር ነው ይላሉ፤ የእኛ እናት እኔንና ሳቂታውን ወለደች። ሳቂታው ታላቅ ወንድሜ ነው። ሰው ሲቀበርም ሲዳርም እኩል ስለሚገለፍጥ ነው ስሙ የወጣለት። እናታችን ስትሞት ሁለታችንንም ያሳደገን ወንድሟ ነው፤ የጎሳችን ሰዎች አባ ክልክል የሚሉት። የእሱ ስም ደግሞ ከሜዳው የመጣ ነው።

ሜዳው የጎሳው የወል መሬት ነው። ዝናብ ሲጥል አጎቴ ወጥቶ "ክልክል!" ይላል፤ ከዚያ በኋላ ሳሩ እስኪጠና ድረስ ከብት አይረግጠውም፣ ሰውም አያቋርጠውም። በጋ ሲገባ ይከፈትና የሁላችንም ከብት በዚያ ነፍሱን ያተርፋል። አንድ ጊዜ ጥጃዬ አምልጣ ብትገባ ጥጃዋን ትቶ የኔን ጆሮ ነው የጠመዘዘው። ያ ሳር ከሌለ በጋን የሚሻገር ከብት የለንም።

ሳቂታው ከተማ ከርሞ ተመለሰ። መቼ? ሜዳው በተከለከለ ሰሞን። ዙሪያውን በሽቦ አጥሮ ፍርድ ቤት ሄደና "ጠፍ መሬት አግኝቼ አጥሬያለሁ፣ ይዞታዬ ይረጋገጥልኝ" አለ። ጎሳው ተቃወመ። ዳኛው ቦታውን በዓይኔ ሳላይ አልፈርድም ሲሉ እኛ እልል ማለት ብቻ ነው የቀረን።

"እሰይ!" አለ አጎቴ። "ዓይን ያለው ሰው መጥቶ ይየው!"

የተሞኘነው ይሄኔ ነው። ትልቅ ሰው ሊመጣ ነው ተብሎ ሜዳውን እንደ እንግዳ ክፍል አሰናዳነው። የደረቀውን እበት ለቃቅመን ጣልን፤ እኔ ወገቤ እስኪቆረጥ ለቅሜያለሁ። ዳር ላይ የነበረውን አሮጌ የጥጆች በረት "ያሳፍራል" ብለን አፈረስነው። ከብቶቹን ደግሞ ጩኸታቸው እንግዳውን እንዳይረብሽ ከኮረብታው ማዶ አሻገርናቸው።

ዳኛው መጡና ከሽቦው አጠገብ ቆመው አሻግረው አዩ። ሳሩ ጉልበት ደርሶ ይተኛል ይነሳል።

"ከብቶቹ የታሉ አባት?"

"ተከልክለዋል ጌታዬ። ሳሩ እንዲጠና።"

"ኮቴ እንኳ አይታይም እኮ።"

"አይረግጡማ!" አጎቴ ደረቱን ነፋ። "ማን ደፍሮ?"

"በረት፣ እበት፣ ምንም?"

"ለእርስዎ ብለን አጸዳነው።"

ዳኛው ማስታወሻቸው ላይ ጻፉ። ሳቂታው ገለፈጠ። "እንዳዩት ነው ክቡር ዳኛ፤ ሰው የማይደርስበት ቦታ ነው።"

እኔ ጣልቃ ገባሁ። "አንተ ውሸታም! ይህንን ሜዳ ስትጠብቅ አይደል ያደግከው?"

"እህቴ፣ ሥርዓት!" አሉኝ ዳኛው።

ፍርዱ የተነበበው መስኮቷ በማትከፈት ጠባብ ችሎት ውስጥ ነው። አግዳሚው አንድ እግሩ አጭር ስለነበረ አንዳችን በተነቃነቅን ቁጥር ሁላችንም እንወዛወዛለን። ምስክሮቻችን የአንድ ጎሳ ሰዎች ስለሆኑ ለወገን ያደላሉ ተባለ። በስፍራው ከከሳሽ አጥር በቀር የሰውም የከብትም ምልክት አልተገኘም ተባለ። ጆሮው የደከመው አጎቴ ወደ እኔ ዘንበል አለ።

"ምን አሉ?"

"ጠፍ ነው አሉ፣ ጋሼ።"

"ጠፍ? ያ ሳር?"

ኮሪደሩ ላይ ሳቂታው ጥርሱን አስቀድሞ መጣ። "ጋሼ፣ ላንተ ላሞች በሩ ክፍት ነው።" ለላሞቹ! ባጎረስኩ ተነከስኩ የሚባለው እንዲህ ዓይነቱን ነው። አጎቴ ግን አልተሳደበም።

"ልጄ፣ ሜዳው መቼ ባዶ እንደሚሆን ያስተማርኩህ እኔ ነኝ አይደል?"

"አዎ፣ ጋሼ" አለ ሳቂታው። ያን ጊዜ ብቻ አልሳቀም። ቢስቅ ይሻለኝ ነበር።

ጠበቃችን ይግባኝ እንላለን እያለ ደረጃውን ወረደ። ታች ሲደርስ ዞር ብሎ "ከወንዙ ማዶ የቀረችው ቁራጭ ሜዳ አለች አይደል? ከብት አይጥፋባት፤ ኮቴ ይታይ" አለን። ከብቶቻችን በዚያ በጋ አለቁ ማለት ይቀላል። የአጎቴ ሁለት ላሞች ብቻ ተረፉ፤ እነሱም ወደ ሳቂታው በር አልሄዱም።

ዝናቡ ዘንድሮም ጣለ። ከወንዙ ማዶ ያለችው ቁራጭ አረንጓዴ አቆጠቆጠች። ሰው ሁሉ ወጥቶ አጎቴን ጠበቀ፤ ያችን አንዲት ቃል እንዲላት። አጎቴ ላሞቹን እየነዳ መጣና ካበቀለች ሳምንት ያልሞላት ሳር ላይ አስገባቸው። ጭቃው ከሥሯ እየነቀለ ከኮቴያቸው ጋር ያነሳታል።

"ርገጡ" አላቸው። "በደንብ ርገጡ።"

ሮጬ እጁን ያዝኩት። "ጋሼ፣ በበጋ ምን ሊበሉ ነው?"

እጁን ቀስ ብሎ አስለቀቀኝና ላሟን ገና ወዳልተረገጠው በኩል መለሳት።

"በጋውን ተይው" አለኝ። "ዳኛ ቢመጣስ?"