እርጥቡ ወለል ላይ የተገለበጠው ካቴድራል

"እዚያ ጋ አትርገጪ ልጄ፣ ገና አልደረቀም" አሉ ወለሉን የሚወለውሉት አሮጊት።

ፊልም ሠሪዋ አንድ እግሯን እንዳነሳች ቆመች። የቆመችበትን ስመ ጥር ካቴድራል ያለ አንድ ቃል፣ በብርሃንና በድንጋይ ብቻ የሚያሳይ አጭር የሙከራ ፊልም ልትሠራ ሦስት ወር ለፍታለች። ያነሳችው ሁሉ ግን ፖስትካርድ እየሆነ አስቸገራት። የመቅረጫ ፈቃዷ ደግሞ ዛሬ ያበቃል።

"ይቅርታ እማማ፣ አላየሁም።"

"ሁልጊዜ አንጋጠሽ ምኑን ታዪዋለሽ? እኔ ሃያ ስድስት ዓመት ጎንበስ ብዬ ነው ያየሁት። እስቲ ዝቅ በይ።"

ዝቅ አለች። ጉልላቱና ዓምዶቹ እርጥቡ ወለል ላይ ተገልብጠው ተኝተዋል። መወልወያው ሲያልፍ ካቴድራሉ ይፈርሳል፤ ከዚያ ቀስ ብሎ ይሰበሰባል፤ ውሃው ሲደርቅ እንደ ትንፋሽ ይጠፋል። ፊልም ሠሪዋ በደረቷ ተኝታ እስከ ቀትር ቀረጸች። እማማም "አለቃዬ ቢያየኝ አበደች ይለኛል" እያሉ አንዱን ቦታ አምስት ጊዜ ወለወሉላት።

ከወር በኋላ የአሥራ አንድ ደቂቃው ፊልም አለቀ። ሐሙስ ዕለት፣ ቅዳሜ ለሚደረገው ምርቃት የመጥሪያ ካርድ ይዛ እማማ ቤት ሄደች።

"እግዜር ይስጥልኝ" አሉ ካርዱን በሁለት እጃቸው ተቀብለው። "መምጣቱን ግን አልችልም። ባለቤቴን ለማን ጥዬ?"

ባለቤታቸው ከመጋረጃው ጀርባ አልጋ ላይ ነበሩ። የካቴድራሉን መስኮቶች ሲጠግኑ ከመሰላል ወድቀው ወገባቸው ከተሰበረ ዘጠኝ ዓመታቸው ነው፤ ከዚያ ወዲህ ካቴድራሉን አላዩትም።

"በግራ በኩል ያለው ሰማያዊ መስታወት አሁንም አለ?" ሲሉ ጠየቁ። "እኔ ነኝ የገጠምኩት።"

ፊልም ሠሪዋ ወደ አልጋው ቀረበች። ወለሉ ላይ የሚፈሰውን ሰማያዊ ብርሃን ሁሉ ያገኘችው ከዚያ መስታወት ነበር። ማን እንደገጠመው ግን አንድም ቀን አልጠየቀችም።

"አለ አባባ። ፊልሜ የቆመው በእሱ ነው።"

የምርቃቱ አዘጋጆች ፊልሙን ከቅዳሜ በፊት ለማንም እንዳታሳይ አጥብቀው ነግረዋታል። ጥቂት አሰበች። ከዚያ ላፕቶፗን አውጥታ የአባባ ጭን ላይ አስቀመጠችው።

"እማማ፣ መስኮቱን ይጋርዱልኝና አጠገባቸው ይቀመጡ" አለች። "ምርቃቱ ዛሬ ነው።"