የአርጃኖው መንጋጋ

ናርዶስ እንጅባራ ውስጥ በአንድ ኮሌጅ የባዮሎጂ ቤተ ሙከራ ረዳት ሆና ለሙከራ ጊዜ ተቀጥራለች። ቋሚ መሆን አለመሆኗን የሚወስነው የክፍሉ ኃላፊ መምህር ስማቸው ነው። ከቆላ የመጣውን የአርጃኖ፣ የዚያን ትልቅ እንሽላሊት፣ ራስ አጽድታ ለትምህርት እንድታዘጋጅ ያዘዛትም እሱ ነው።

እናቷ፣ «እንኳን ድስቴን ጓሮዬንም ለተሳቢ አልሰጥም!» ስላሏት ከቤተ ሙከራው ጀርባ በቀለም ቆርቆሮ ቀቀለችው። ሥጋው ሲለቅ የታችኛው መንጋጋ ብዙ ቦታ ተለያየ። የበግ ራስ ስትቀቅል እንዲህ ሆኖ አያውቅም። ሰበርኩት ብላ ደነገጠች፤ በሙጫ አጣበቀችና መጋጠሚያዎቹን በጀሶ ደፈነች።

ስማቸው መንጋጋውን ወደ መስኮቱ አስጠግቶ አየው።

«ዴንታሪው የቱ ጋ ያልቃል?»

«መንጋጋው ሁሉ ዴንታሪ አይደለም እንዴ፣ መምህር?»

«እሱማ የሰውና የበግ ነው። በተሳቢዎች ዴንታሪ የሚባለው ጥርስ የያዘው የፊተኛው አጥንት ብቻ ነው፤ ከኋላው ሌሎች አሉ። አንቺ ለስነሽ ግድግዳ አስመሰልሽው!»

«የሰበርኩት መስሎኝ ነው።»

«ተማሪዎቹ ማየት ያለባቸው መጋጠሚያውን ነው። ፋቂው።»

ጀሶውን በምላጭ ትፍቅ ጀመር። መጋጠሚያዎቹ ተራ በተራ ብቅ አሉ። መጨረሻው ላይ ምላጩ አዳለጣትና ዴንታሪው ራሱ ቋ ብሎ ተሰነጠቀ። ስማቸው ጀርባውን ሰጥቶ ሰሌዳ ይጠርጋል። ሙጫው እጇ ሥር ነው።

«መምህር፣» አለች ሙጫውን ወደ ጎን ገፍታ፣ «አሁን ግን የእውነት ሰበርኩት።»

መጥቶ አየው።

«እሱን አጣብቂው፤ ጀሶ ግን እንዳታስነኪው። ሰኞ ለተማሪዎቹ የምታሳዪው አንቺ ነሽ።»