ማድያቷ ያልለቀቃት ወላድ

ወይንሸት ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ሴት ልጅ ወለደች፤ ማድያቷ ከፊቷ ስላልለቀቀ ግን አልወለደችም ተባለ።

ከተማችን ከደብረ ብርሃን ቁልቁል ተወርዶ ሹራብ የሚወለቅበት ቦታ ላይ ናት። ፀሐይዋ ለማንም አታዝንም። በዚህች ከተማ ማድያት የእርጉዝ ነው። በአምስተኛው ወይም በስድስተኛው ወር ጉንጭና ግንባር ላይ እንደፈሰሰ ሻይ ይወጣል፤ እናትየው ስትገላገል ከእንግዴ ልጁ ጋር ወርዶ አብሮ ይቀበራል። ይህን ሁሉም ከእናቱ ሰምቷል። ማድያት ያለባት ሴት እንግዲህ እርጉዝ ናት፤ እርጉዝ የሆነች ሴት ደግሞ አልወለደችም። የከተማችን ሰው በሌላ በሌላው ይታማ ይሆናል፤ በዚህ ስሌቱ ግን ቀዳዳ ፈልጌ አላገኘሁበትም።

ልጅቷን የተቀበለቻት የጤና ጣቢያው አዋላጅ ሲስተር መቅደስ ናት። እትብቱን በገዛ እጇ ቆርጣለች። ወደ ማታ ላይ እናትየውን ልታይ ስትመጣ መጋረጃውን ገለጥ አደረገችው፤ ብርሃኑም የወይንሸት ፊት ላይ አረፈ።

«እንዴ ወይንሸት፣ አንቺ ገና ነሽ እኮ!»

«ልጄ ይቺው፣ ሲስተር።»

ሲስተር መቅደስ ወደ ክንዷ አየት አደረገች። «ጨርቅ ነው የያዝሽው። በይ ሂጂና አረፍ በይ፤ ምጡ ሲፋፋም ትመጫለሽ።»

አልጋው ይፈለግ ስለነበር ወይንሸት ልጇን አቅፋ በባጃጅ ወደ ቤቷ ሄደች።

ቤት ውስጥ አማቷ እማማ አሰለፈች የገንፎውን ዱቄት አስፈጭተው፣ ቅቤውን አንጥረው ይጠብቁ ነበር። በራፍ ላይ ተቀብለው ፊቷን አዩና ዱቄቱን መልሰው ሰቀሉት። ሴት ስትገላገል ጎረቤት ተጠርቶ ገንፎ ይበላል፤ እየገቡም «እንኳን ማርያም ማረችሽ» ይላሉ። ወይንሸትን ማንም እንዲህ አላላትም። ከምጡ ይልቅ ያመማት ይሄ ነው። ጎረቤቶች ሲመጡ «በሰላም ይገላግልሽ» እያሉ ልጅቷ የተኛችበት ላይ ሊቀመጡ ሲሉ፣ ወይንሸት በየጊዜው እየዘለለች ልጇን ማንሳት ነበረባት። ሆዷ መሟሸሹን ያዩም ነበሩ። «ትንሽዬ ልጅ ነው የያዝሽው፤ ለምጡ ይቀልሻል» አሏት።

ባሏ ደምሰው ልብስ ሰፊ ነው፤ ሚስቱን የሚወድ፣ ነገር የማያበዛ ሰው። ማታ ማታ ጆሮውን ሆዷ ላይ ያደርጋል።

«ዝም ብሏል» ይላል።

«ወልጃለሁ እኮ፣ ደምሰው።»

«ቸኮልሽ፣ የኔ እመቤት። እኔም ቸኩያለሁ።»

ልጅቷ በዚያን ሰዓት ከጎኑ ተኝታ አመልካች ጣቱን ጨብጣለች። ደምሰው ጣቱ ስለደነዘዘበት ያፍታታዋል፤ ከመቀሱ ነው ይላል።

ወይንሸት ይህን ሁሉ ልትችለው ትችል ነበር። ያልቻለችው የክርስትናውን ነገር ነው። ሴት ልጅ በሰማንያ ቀኗ ትጠመቃለች፤ ስምም የምታገኘው ያኔ ነው። ሳትጠመቅ አንድ ነገር ብትሆንባት ፍትሐት የላትም፤ የሚያዝንላት ሰው እንኳ አይኖርም፤ የሞተው ጨርቅ ይሆናላ። ወይንሸት ሌሊት እየተነሳች የልጅቷን ትንፋሽ በመዳፏ የምታዳምጠው ይህንን ፈርታ ነው። የሰማንያው ግማሽ ሲያልፍ ወደ መምሬ ጽጌ ሄደች።

«ያልተወለደ አይጠመቅም፣ ልጄ» አሏት መስቀላቸውን እያሳለሟት። «ስትገላገዪ ቆጥረሽ ነዪ።»

«ፊቴ ቢነጣ ያጠምቁልኛል፣ አባ?»

«ፊትሽ ከነጣማ ወልደሻል ማለት ነው።»

በማግስቱ ልጇን ታቅፋ ደብረ ብርሃን ወጣች። ዶክተር ሰብለ የምትባል የቆዳ ሐኪም ፊቷን በመብራት አየችላት፤ በጎ ሰው ናት፣ አልቸኮለችም።

«ቆዳሽ ውስጥ ቀለም የሚሠሩ ሕዋሳት አሉ» አለቻት። «የእርግዝና ሆርሞን ይቀሰቅሳቸዋል፤ ፀሐይ ያበረታቸዋል፤ የምድጃ ሙቀትም አይተዋቸውም። ሥራሽ ምንድነው?»

«መናኸሪያ በር ላይ ማንጎ እሸጣለሁ።»

«ታዲያ ሙሉ ቀን ፀሐይ ላይ ነሻ። ማድያት እንዲህ በቀላሉ አይለቅም። ከወለዱ በኋላ ዓመት ሁለት ዓመት የሚቆይባቸው አሉ።»

ወይንሸት ከወንበሩ ብድግ አለች። «እንደሱ ከሆነ እኔም ወልጄ ይሆናላ!»

«አይ፣ እኔ ስለ ሌሎች ነው የነገርኩሽ። አንቺ እርጉዝ ነሽ።» ዶክተሯ ልትመረምራት ጎንበስ እንዳለች ልጅቷ ከአንገቷ የተንጠለጠለውን የማዳመጫ ገመድ ይዛ አልለቅም ብላ ነበር። ዶክተር ሰብለ ገመዱ ከወንበሩ ጋር የተያዘ መስሏት ቀስ ብላ አላቀቀችው። «ጠንከር ያለው ቅባት ለእርጉዝ አይሰጥም። ለጊዜው የፀሐይ መከላከያ ክሬም ተቀቢ፤ ሰፊ ባርኔጣ አድርጊ፤ ጥላ አይለይሽ። ስትወልጂ ነዪና ዋናውን ሕክምና እንጀምራለን።»

«ሕክምናውን የፈለግሁት እኮ እንድወልድ ነው።»

«ገብቶኛል» አለች ዶክተሯ፤ የእውነትም የገባት ይመስል ነበር። «ብቻ አደራሽን፣ በየሱቁ የሚሸጠውን ቅልቅል እንዳትነኪ። ቆዳሽን ይበላዋል።»

ወይንሸት የታዘዘችውን አደረገች። ክሬሙን ሳታጓድል ተቀባች፤ ባርኔጣ ደፍታ፣ ዣንጥላ ተክላ፣ ልጇን ከማንጎው ሳጥን ጀርባ አስተኝታ ሸጠች። ማድያቱ ደብዘዝ አለ። ደብዘዝ ባለ ሰሞን እማማ አሰለፈች ቤት ውስጥ ድመት ገብቷል ማለት ጀመሩ፤ ደምሰውም አንድ ሁለት ጊዜ ከእንቅልፉ ባንኖ «ማን አለቀሰ?» አለ። ተስፋ እንዲህ ነው የጀመራት። ነገር ግን ክረምቱ ወጣ፣ ፀሐይዋ ተመለሰች፣ ድመቱም ጠፋ ተባለ። ከተማችን በከፊል የወለደች ሴት አታውቅም። ሰማንያውም አለፈ።

ያኔ ወይንሸት ወደ ሮማን የኮስሞቲክስ መሸጫ ገባች። ሮማን ከባንኮኒው ሥር ስም ያልተጻፈበት ቢልቃጥ አወጣች። ውስጡ ያለውን ከሦስት ቅባት ራሷ ቀላቅላዋለች።

«ለማድያት ነው? በሳምንት ሙልጭ አድርጎ ያስለቅቅልሻል።»

«ከሳምንት በኋላስ?»

«ከዚያማ ትደግሚያለሻ!» አለች ሮማን፤ ይህን እንደ መልካም ዜና ነው የተናገረችው።

በእውነትም በሳምንቱ ለቀቀ። ወይንሸት ጠዋት ፊቷን ታጥባ ወደ ሳሎን ስትወጣ እማማ አሰለፈች ቀና ብለው አዩዋት። መጀመሪያ ጉንጯን፣ ከዚያ ክንዷን። እልልታቸውን እስከ አስፋልቱ ድረስ አቀለጡት። ገንፎው ተገነፋ፤ ጎረቤት ሞላ፤ እያንዳንዷ ሴት ጎንበስ ብላ «እንኳን ማርያም ማረችሽ» አለቻት። ወይንሸት ለእያንዳንዷ «አሜን» እያለች አለቀሰች። እኔም ነበርኩ፤ እንደዚያ ቀን የከበደ «አሜን» ሰምቼ አላውቅም። አዲስ የተወለደችው ልጅ አንገቷን አቅንታ፣ ቤቱን በዓይኗ እየዞረች በየሰዉ ትስቅ ነበር። ይህ ማንንም አልገረመውም። ደምሰው ጣቱን ሰጣት፤ ጨበጠችው።

«ከመቀሱ አይደለም» አለ።

ከሰዓት በኋላ መምሬ ጽጌ መጥተው ቤቱን ጠበል ረጩ።

«እንግዲህ ዛሬ ተወልዳለች» አሉ። «ከዛሬ ጀምራችሁ ሰማንያ ቁጠሩ።»

«አባ፣ ሰማንያው እኮ አልፏል!» አለች ወይንሸት።

ሁሉም ሳቀ። አራስን ብዙ ያስቀባጥራታል፤ ማንም አልተቀየማትም።

ስለዚህ ወይንሸት ለሌላ ሰማንያ ቀን ፊቷን መጠበቅ ነበረባት። ቢልቃጡ ሲያልቅ ሌላ ገዛች። ቅባቱን አንድ ቀን በዘለለች ቁጥር ጥቁረቱ ከጉንጯ ጠርዝ መግባት ይጀምራል፤ ልጅቷም ከእግሯ በኩል ትሳሳለች፤ የተጠቀለለችበት ፎጣ በእግሯ ውስጥ አልፎ ይታያል። እናትየው ሮጣ ትቀባለች። ቆዳዋ ቀላ፣ እንደ ሽንኩርት ልጣጭ ሳሳ፣ የደም ሥሮቿ በየጉንጯ ተዘረጉ። ምድጃ አጠገብ መቆም አቃታት። «አራስነት አሳምሮሻል፤ ቀይ ሆንሽ» ይሏታል። ደምሰው ብቻ አንድ ቀን ጉንጯን ነካ አድርጎ እጁን ቶሎ ሰበሰበ።

«ያቃጥላል» አላት።

«እስከ ክርስትናው ነው።»

ደምሰው ነጩን የክርስትና ቀሚስ ሰፋ። ለጥልፉ ሌላ ሥራውን ሁሉ አቆመ።

የክርስትናው ዕለት ማለዳ ወይንሸት ቅባቱን ደጋግማ ተቀብታ፣ ነጠላዋን እስከ ዓይኗ ተከናንባ ወጣች። ክርስትና እናት የሆነችው ጎረቤቷ ውዴ ልጅቷን ታቅፋለች። በቤተ ክርስቲያኑ ቅጥር ግቢ ጥላ ያለው ቦታ በሌሎች እናቶች ተይዞ ስለነበር የወይንሸት ወገኖች ግንቡ ሥር ቆሙ። ጸሎቱ ረዘመ። ፀሐይዋ ግንቡን ተሻግራ በስስ ነጠላዋ ውስጥ አለፈች፤ የሳሳ ቆዳ ደግሞ ፀሐይን የሚመልስበት ነገር የለውም። ወይንሸት ፊቷ ላይ ሙቀት ሲፈስ ተሰማት። መስታወት አልፈለገችም። የውዴን ክንድ ነበር የምታየው።

«አባ፣ ይፍጠኑልኝ!» ብላ ስትጮህ ነጠላዋ ከፊቷ ወደቀ።

መምሬ ጽጌ ውኃውን በመዳፋቸው ዘግነው ዞሩ። «የክርስትና ስሟ ማን ነው?» ብለው ጠየቁና ቀና አሉ። የወይንሸትን ፊት አዩት። ማድያቱ ተመልሶ ነበር፤ ጉንጭና ግንባር ብቻ ሳይሆን አገጯንም፣ አንገቷንም ይዞ፣ ከበፊቱ የጠቆረ። ውዴ ክንዶቿን እንዳጎበጠች ቆማለች። ነጩ ቀሚስ በእጇ ላይ ተንጠልጥሏል።

መምሬ ጽጌ ውኃውን መልሰው ገንዳው ውስጥ ለቀቁት።

«እርጉዝ ሴት ፀሐይ ላይ እንዲህ ታቆማላችሁ?» አሉ ተቆጥተው። ሴቶቹ ደነገጡ፤ ነጠላ ያዙላት፤ አንዷ ወገቧን ደገፈቻት። ደምሰው ቀሚሱን ከውዴ ተቀብሎ እንደመጣለት አጣጠፈው። የማን እንደሆነ አልጠየቀም።

ወይንሸት እየተደገፈች ወደ ውዴ ክንድ አየች፤ እሷም ምንም አላየችም። ይህ ከመጀመሪያው ቀን ወዲህ ያልደረሰባት ነገር ነው። መሬት ላይ ተቀምጣ አለቀሰች፤ እንባው የሳሳውን ቆዳ ለበለባት። ሴቶቹ «አይዞሽ፣ ሁሉም በሰዓቱ ነው» አሏት።

አሁን ወይንሸት መናኸሪያ አትወጣም። ቤቷ በር ላይ፣ ጥላው ባለበት ትቀመጣለች። መንገደኛው ሁሉ «መቼ ነው?» ይላታል፤ እሷም «እግዜር ያውቃል» ትላለች። ትናንት ወደ አሥራ አንድ ሰዓት ገደማ በደጇ ሳልፍ ቀሚሷን ከደረቷ ከፍታ፣ ባዶ ክንዷን አጉብጣ፣ አንገቷን ደፍታ አየኋት። አንዲት የወተት ጠብታ ከጡቷ ጫፍ ራቅ ብላ አየሩ ላይ ተንጠልጥላለች። ጠብታዋ ሳትወድቅ ቀስ ብላ ወደ ታች ተንሸራተተች፤ ጉንጭ የሚያህል አንድ የማይታይ ክብ ነገር ዞረች፤ አገጭ የሚሆነው ቦታ ላይ ስትደርስም ቆመች።