የአማቼ ስድብና የወንዙ ክስ

የሰደበኝ የእህቴ ባል ነው። ቀኑ እሑድ፣ አዲሱን ቤቱን ያስመረቀ ዕለት፣ ምሳ ተበልቶ ሰው እጁን ሊታጠብ ሲነሣ። አምስት ዓመት ሊሞላው ነው። በሩ አጠገብ ቆሞ ነበር፣ በግራ እጁ ብርጭቆ፣ በቀኙ የአንዱን ሹም ትከሻ ይዞ። የሳቁትንም አውቃቸዋለሁ፤ መጀመሪያ ሹሙ፣ ቀጥሎ እህቴ አፏን በእጇ ሸፍና፣ ከዚያ የገዛ አጎቴ፣ ያውም ነገሩ ሳይገባው።

እኔ ፀጉር አስተካካይ ነኝ። ፀጉር ቤቴ ወንዙ ዳር ነው። አማቼ ደግሞ የከተማው የአካባቢ ጥበቃ ኃላፊ ነበር፤ ወንዙ የሱ ነው ማለት ነው። ከላይ ያለው የጨርቅ ማቅለሚያ ፋብሪካ የሚለቀው ውሃ አንድ ቀን ቀይ፣ ሌላ ቀን አረንጓዴ ሆኖ በደጄ ያልፋል። ያን እሑድ ለሰው አስቤ፣ በቤተ ዘመድ ወግ ጠጋ ብዬ፣ «ኧረ አማቼ፣ ወንዙ አበደ። የሚዋኙት ልጆች ቆዳቸው እየተላጠ ነው» አልኩት።

እሱ ሰው እንዲሰማው ድምፁን ከፍ አደረገ። «ስለ ወንዙ ካንተ በፊት አውቃለሁ። ዝም ያልኩትም አውቄ ነው። አንተ የሰው ጭንቅላት ላይ ትውላለህ እንጂ የራስህ የለህም!»

ሳቅ በሳቅ። እኔም ሳቅሁ፤ እስካሁን የሚያንገበግበኝ እሱ ነው። መልሱ የመጣልኝ ቤቴ ገብቼ ጫማዬን ሳወልቅ ነው። የኔ መልስ ሁልጊዜ እንግዳው ከሄደ በኋላ ነው የሚደርሰው።

ግን ፀጉር አስተካካይ መሆን አንድ ጥቅም አለው፤ አንገቱ ላይ ምላጭ ያረፈ ሰው ተነሥቶ አይሄድም። ስለዚህ ለደንበኛ ሁሉ ነገርኩ። ቃል በቃል፣ ድምፁን አስመስዬ። ፂም ብቻ የሚላጭ አጭሩን ይሰማል፤ ፀጉርም ፂምም የሆነ ከነሳቂዎቹ ሙሉውን። «ምላጩ ጋ ስትሄድ ጆሮህን ቤት ጥለህ ሂድ» ይባባላሉ አሉ፤ ምላጩ የሚሉት እኔን ነው። ይበሉ። ማን ማን እንዳለው አውቃለሁ።

ባለፈው ክረምት ነገር መጣ። ከወንዙ ግርጌ ያሉ ሰዎች በጅምላ ታመው ሆስፒታል ገቡ። ፋብሪካው ታሸገ፤ ቀጥሎ ማንም ያልጠበቀው ሆነና አማቼ ራሱ ተከሰሰ። ለካ ሕግ አለ! ብክለቱን እያወቀ ዝም ያለ ኃላፊ እንደ በካዩ ይጠየቃል፤ እስርም አለው። የአማቼ መከላከያ አንዲት ቃል ሆነች፦ «አላወቅሁም።»

አንድ ቀን ፊቱን የማላውቀው ሰው ገብቶ ተቀመጠ። ዝምተኛ ነው፤ እንደምወደው። ጨርቁን አንገቱ ላይ አሰርኩና ጀመርኩ። «ካንተ በፊት አውቃለሁ» የሚለው ላይ ስደርስ ሰውየው ዞር አለ። ጆሮውን ልቆርጠው ለትንሽ!

«ምን አለህ? እስቲ ድገመው ወንድሜ።»

በዕድሜዬ ድገመው ያለኝ ሰው እሱ ብቻ ነው። ደስ ብሎኝ ከነሳቂዎቹ ደገምኩለት። ፀጉሩን አራግፎ ሲነሣ ዐቃቤ ሕግ መሆኑን ነገረኝ።

መጥሪያው በደረሰኝ ማግስት እህቴ መጣች። ታናሼ ናት። ደንበኛ ወንበር ላይ ዘጭ አለች።

«ጋሼ፣ ረሳሁት በል።»

«ምኑን?»

«አታውቀውም! አምስት ዓመት ስታላምጠው የኖርከውን ነዋ።»

«ሰፈሩ በሙሉ በቃሉ የሚያውቀውን እንዴት ረሳሁት እላለሁ?»

«ሰፈሩ የሰማው ካንተ ነው። እዚያ የነበሩት ሁሉ አናስታውስም ብለዋል፤ አጎታችን ሳይቀር።»

«አጎትሽማ ያን ጊዜም አልገባውም።»

ሳቋ አመለጣት፤ ወዲያው ዓይኗ እንባ አቀረረ። «ለአንዲት ቀልድ ብለህ ልጆቼን አባት ልታሳጣቸው ነው?»

«ቀልድ ከነበረ ለምን ይቅርታ አልጠየቀኝም?»

«አሁን ይጠይቅሃላ!»

«አሁንማ የሚጠይቀው መጥሪያውን ፈርቶ ነው።»

በሩን በላዬ ወርውራው ሄደች። እኔም ድንጋይ አይደለሁም። የልጆቿን ፀጉር ከመጀመሪያው ጀምሮ ያስተካከልኩ እኔ ነኝ፤ ትንሿ መቀሱን ስትሰማ አንገቷን ትሰብቃለች። ስለዚህ ፍርድ ቤት የገባሁት ረሳሁት ልል ነው። እውነቴን ነው።

ዐቃቤ ሕጉ ጠየቀኝ። «እንግዲህ… ጊዜው ቆይቷል…» ብዬ ጀመርኩ። ይሄኔ አማቼ ወደ ጠበቃው ዘንበል ብሎ ፈገግ አለ። በቃ፣ ያችው የምረቃው ዕለት ፈገግታ! ብርጭቆው ብቻ ነው የጎደለው። ከዚያ በኋላ አፌን ማን ይያዘው? ሙሉውን፣ ፀጉርም ፂምም ያለውን፣ ድምፁን አስመስዬ አወረድኩት። ዳኛዋ ራሳቸው ከንፈራቸውን ነከሱ።

ጠበቃው ለመስቀለኛ ጥያቄ ተነሣ። «ለመሆኑ የዚያን ዕለት ምሳ ምን በሉ?»

«አላስታውስም።»

«ምሳዎን ያላስታወሱ ሰው፣ ንግግሩን ቃል በቃል እንዴት ያስታውሳሉ?»

«ምሳው አልሰደበኝማ፣ ጌታዬ።»

አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። ለመጀመሪያ ጊዜ በኔ ሳይሆን ከኔ ጋር ሳቁ። ጠበቃው ቁጭ አለ፤ «አላወቀም» የምትለዋንም ቃል ዳግመኛ አላነሣትም።

ችሎቱ ሲበተን ኮሪደሩ ላይ ተገናኘን። አማቼ ከፖሊስ ጋር ነው፤ እህቴ ኮቱን ይዛ ከኋላ። ስድብ ጠብቄ ነበር፤ ለስድቡም መልስ ነበረኝ፣ ለዚያውም የተሳለ። እሱ ግን ፖሊሱን «አንዴ» አለና ቀረበኝ። ድምፁ ዝቅ ብሏል።

«ስለ ወንዙ የነገርከኝን አስታውሳለሁ። እሱስ ይሁን፤ የሥራዬን ነው። ስለ ጭንቅላት ያልከው ግን…» ግንባሩን አሸት አሸት አደረገ። «አእምሮዬን ብፈትሽ የለም። እውነት እንደዚያ ብዬሃለሁ እንዴ?»

ፊቱን አየሁት። የማስመሰል አይደለም። የሰው እግር ረግጦ እንደሆነ እንደሚጠይቅ መንገደኛ ዓይኔን እያየ ይጠብቃል። እህቴም ትጠብቃለች፤ ፖሊሱ ሳይቀር ጆሮውን አቅንቷል።

ኮፍያዬን ደፋ አደረግሁና ደረጃውን ወረድኩ።