ለፋና የተላከ ቋንጣ

ማናለብሽ ሥጋው ቤት ከገባ ጀምሮ ልቧ አልወደደውም። ደሙ ጠቁሮና ቀጥኖ ትሪው ላይ ይፈሳል እንጂ አልረጋ አለ። ግን ምን ታድርግ? የጎረቤቷ የአቶ እንግዳው በሬ ነው። "ገደል ገብቶ እግሩ ተሰበረ፣ ነፍሱ ሳትወጣ አረድነው" ብሎ ለመንደሩ በቅርጫ አከፋፍሎታል። እስቲ አሁን ማን ደፍሮ "የቱ ገደል?" ይለዋል! አብሮ የኖረ ጎረቤት መጠርጠር ነውር ነው።

"ጨው አበዛበታለሁ፣ ጭስ ይጠጣል፣ ከዚያ ወዲያ ምን ይተርፋል!" ብላ ራሷን አጽናናች። ዳንግላ የምታስተምረው ልጇ ፋና ለምሳ ደረቅ ቂጣ ይዛ እንደምትውል ከሰማች ወዲህ አንጀቷን ይበላት ነበር። ሥጋውን በቀጭኑ ዘልዝላ፣ በጨውና በበርበሬ አሽታ ከምድጃው በላይ ገመድ ላይ ሰቀለችው። በእንጅባራ ጭጋግ ሥጋ በዋዛ አይደርቅም፤ አምስት ቀን ሙሉ ከእሳቱ ሳትለይ አጨሰችው። ለራሷና ለባሏ አንዲት ጉርሻ እንኳ አላስቀረችም። ረቡዕ ማለዳ ሁሉንም በፌስታል ቋጥራ በሚኒባስ ሾፌር እጅ ላከችላት።

ረፋዱ ላይ ባሏ ደሴ እያለከለከ ገባ። ፊቱ አመድ መስሏል።

"እንግዳውን ጤና ጣቢያ ወስደውታል" አላት። "ክንዱ ላይ ጥቁር ቁስል ወጥቶበታል። በሬው አባ ሰንጋ ነበረበት አሉ። ገደልም አልገባ፤ ታሞ ሊሞት ሲል ነው ያረዱት።"

"እኔ አፈር ልብላ! ልጄን!"

ስልኩን ከእጁ ነጥቃ ደወለች። ኔትወርክ የለም። ደግማ ደወለች። የለም።

"ተረጋጊ እንጂ፣ ዛሬ እኮ ረቡዕ ነው" አላት። "ጾም ስለሆነ አትቀምሰውም።"

"አንተ ሰው፣ ሃምሳው መቼ አለቀና ነው የምትጾመው? ፋሲካ ከዋለ ሦስት ሳምንት አልሞላውም!"

እሷ ነጠላዋን ጥላ ወደ ጉብታው ሮጠች፤ ኔትወርክ የሚገኘው እዚያ ነው። አወቅሁ እኮ፣ ደሙን አይቼ አወቅሁ፣ ትላለች እየሮጠች። እዚያም ደጋግማ ሞክራ ስልኩ የጠራው ሰባት ሰዓት ካለፈ በኋላ ነበር።

"እማዬ! እጅሽ ይባረክ!"

"አትብዪው! ልጄ፣ በእመብርሃን፣ ያንን ቋንጣ አፍሽ እንዳታስገቢው!"

ፋና ሳቀች። ከኋላዋ የሌሎች መምህራን ሳቅም ይሰማል።

"ምኑን ነው የማልበላው እማዬ? ሳህኑን?"