በጣሪያ ስር የሚሄዱ ሰዎች

አማቷ ቀልድ የማያልቅባቸው ሰው ስለነበሩ መጀመሪያ ላይ ነገሩን ከቁም ነገር የቆጠረው አልነበረም። አንድ ጠዋት ቁርሳቸውን ይዛ ስትገባ፣ "ዓይኔ፣ ሰዉን ምን ነካው? ሁሉም ተዘቅዝቆ በጭንቅላቱ ይሄዳል" አሏት። እሷም ሳቅ ብላ፣ ዘመኑ ነው አባባ ብላ፣ ትሪውን አስቀመጠችና መብራቱን አበራች። እሳቸው ግን አልሳቁም። ግድግዳውን ትክ ብለው አዩ፣ ከዚያ አምፖሉን፣ ከዚያ እንደገና ግድግዳውን። "አሁን ደግሞ ጠፉ" አሉ ቀስ ብለው፣ ለራሱ እንደሚናገር ሰው።

"ዓይኔ" ያወጡላት እሳቸው ናቸው። በአንድ መነጽር ቤት የጓዳ ክፍል ውስጥ ሌንስ በፍሬም ልክ እየቆረጠች፣ ጠርዙን እየሞረደች የምትውል ሴት ነበረች። ልጃቸው ሊያገባት መሆኑን ነግሯቸው ሥራዋን ሲጠይቁት፣ "እንግዲያ ዓይን አመጣህልኝ በለኛ" ብለው ነበር። አባቷን በልጅነቷ ያጣች፣ በአክስት እጅ ያደገች ስለሆነች፣ ያቺ ቃል ሆዷ ውስጥ ገብታ ቀረች። "ዓይኔ" ብለው በጠሯት ቁጥር አባት እንዳላት ትዝ ይላት ነበር።

እሳቸውም ቅጽል ስም አላቸው። ዕድሜያቸውን በሙሉ ከባድ መኪና ሲነዱ ስለኖሩ፣ በእግራቸው ሲሄዱ እንኳ ከመታጠፋቸው በፊት እጃቸውን ይዘረጉ ስለነበር፣ ጓደኞቻቸው "ፍሬቻ" ይሏቸዋል። ያን ሁሉ አገር ያለ አደጋ አዳርሰው፣ በስተርጅና መታጠቢያ ቤት ውስጥ አዳልጧቸው ዳሌያቸው ተሰበረ። ከቀዶ ጥገናው በኋላ ልጃቸው ወደ ቤቱ አመጣቸውና መንገድ ዳር ያለችውን የፊት ክፍል ለቀቁላቸው። ሐኪም ቤቱ በየቀኑ በክራንች ተነስተው ትንሽ ትንሽ እንዲራመዱ አዞ ነበር። እሳቸው ግን ወይ ፍንክች። ይህ እግር የተመደበለትን መንገድ ጨርሷል፣ ጡረታውን አትንፈጉት ይሉ ነበር። ሌሊቱን በሕመም ሲገላበጡ አድረው እንቅልፍ የሚወስዳቸው ሊነጋጋ ሲል ስለሆነ፣ የመስኮቱ የእንጨት መዝጊያ እስከ ምሳ ሰዓት አይከፈትም።

ሰዎቹ ግን በነጋታውም መጡ። በሌላው ቀን መኪናም ተጨመረ፤ ጎማዎቹ ወደ ጣሪያ፣ ኮፈኑ ወደ ወለል። ዛፍም አዩ፣ ሥሩ ከላይ። ለልጃቸው ሲነግሩት፣ የቧንቧ ሠራተኛ ነበርና የመሣሪያ ሳጥኑን እንዳንጠለጠለ በሩ ላይ ቆመና ግድግዳውን አየው። ባዶ ግድግዳ ነው። ከኮሪደሩ የገባው ብርሃን ኖራው ላይ ተኝቷል፣ ሌላ ምንም የለም።

የባሏ ታላቅ እህት ጸጉር ቤት ነበራትና እሑድ እሑድ ነበር የምትመጣው። ነገሩን ስትሰማ ፊቷ አመድ መሰለ። የራሷ አማት አእምሯቸውን ከመሳታቸው በፊት እንዲሁ የሌለ ሰው ያዩ ነበር። ወጥ ቤት ውስጥ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ ሁላችሁም ሥራ ውላችሁ የምትገቡ ናችሁ፣ እሳት ቢያነሱስ፣ ወጥተው ቢወድቁስ፣ የሚጠብቃቸው ሰው ያለበት መጦሪያ እንፈልግላቸው አለች። ክፋት አልነበረባትም። እያለቀሰች ነበር የምትናገረው። ወንድሟ ቀና ብሎ ሳያያት ጣቶቹን ያፍተለትል ነበር። ዓይኔም ልትከራከራት ፈልጋ ነበር፣ ግን ግድግዳው ላይ እሷም ያየችው ነገር የለም።

ሽማግሌው ሞኝ አይደሉም። ልጆቻቸው እርስ በርስ ሲጠቃቀሱ አይተው ነገሩን በሆዳቸው ያዙት። ዛሬስ ሰዎቹ መጡ ወይ ሲባሉ ምንም አላየሁም ይላሉ። ቀልዱም ቀረ። ምግባቸውን ሁለት ጊዜ ጎረስ አድርገው ሳህኑን ገፋ ያደርጉታል። አንድ ቀን ትራሳቸውን ስታስተካክል እጇን ያዝ አድርገው፣ "ዓይኔ፣ ጭንቅላት እንደ ሞተር ነው፤ ሊበላሽ ሲል ድምፅ ይሰጣል" አሏት። እሷም ፈርተው እንደነበር ገባት። እኚህ ሰው ሲፈሩ አይታ አታውቅም።

ወደ ክሊኒክ ሲወስዷቸው ያገኙት ሐኪም ወጣት፣ ለንግግር የማይቸኩል ሰው ነበር። ስለ መኪና አጫወታቸው፣ የዛሬውን ቀን ጠየቃቸው፣ የሄዱበትን አገር እየጠራ መንገዱን አስቆጠራቸው፤ እሳቸውም ድልድዩን ሳይቀር ነገሩት። ከዚያ ዓይኔንና ባሏን ለብቻ አስጠርቶ፣ አእምሯቸው ለእኔ ደህና ይመስለኛል አለ። መድኃኒት ልጽፍላቸው እችላለሁ፣ ግን ከዚያ በፊት አንድ ነገር አድርጉልኝ።

"እሳቸው አየሁ በሚሉበት ሰዓት፣ እሳቸው ባሉበት ቦታ፣ አንዳችሁ አብራችሁ ሁኑ" አላቸው። "ዓይናቸውን ሲጨፍኑ ሥዕሉ ይጠፋል ወይስ አይጠፋም? ጠይቁልኝ። የለም ከማለታችን በፊት ከጎናቸው ሆነን እንይላቸው።"

ያቺ ንግግር ዓይኔን ሌሊቱን ሙሉ ስትነዘንዛት አደረች። ከጎናቸው ሆኖ ማን አየ? እሷ ትገባለች፣ መብራት ታበራለች፣ ትሪ ታስቀምጣለች፣ ትወጣለች። ባሏ በሩን ከፍቶ ቆሞ ያያል። በሩ ተዘግቶ፣ በጨለማ፣ ከእሳቸው ጋር የተቀመጠ ሰው የለም።

ከሥራ የምታርፍበት ቀን ሲደርስ ጠዋት ገባች። ወደ ማብሪያው የሄደ እጇን መለሰችና በሩን ከኋላዋ ዘጋችው። ሽማግሌው ነቅተዋል። ምነው በደህና? አሏት። ዛሬ ሥራ የለኝም፣ አብሬዎት ልቀመጥ ነው አለችና ወንበሩን ከራስጌያቸው አስጠግታ ተቀመጠች። ራስጌያቸው በመስኮቱ በኩል ስለሆነ ሁለቱም ፊታቸው ወደ ግድግዳው ነበር። መጀመሪያ ጨለማ ብቻ ነበር። ዓይኗ እስኪለምድ የእሳቸውን አተነፋፈስ ታዳምጣለች። ውጭ የመኪና ጡሩምባ ይሰማል፣ የሱቅ በር ሲከፈት የቆርቆሮው ድምፅ ይሰማል።

ከዚያ ግድግዳው ቀስ በቀስ መንጣት ጀመረ። ከታች፣ ወደ ወለሉ በኩል፣ ሰማያዊ ነገር ታየ። ከላይ፣ ከጣሪያው ሥር፣ ግራጫ ሰፊ መስመር። እንደ ደበዘዘ ሥዕል ነው፣ ግን ይንቀሳቀሳል። ቀይ ሹራብ የለበሰች ሴት እግሯን ወደ ጣሪያ ሰቅላ፣ ዘንቢሏ ወደ ላይ የተንጠለጠለ ይመስል፣ ከግድግዳው ጫፍ ወጥታ ወደ መሐል መጣች። ከኋላዋ ቢጫ ታክሲ ጎማውን ሰቅሎ ሽው ብሎ አለፈ።

ዓይኔ አፏን ያዘች።

"ቀይ ሹራብ ለብሳለች" አለች። "ዘንቢል ይዛለች።"

"ትታይሻለች?" አሉ ሽማግሌው፣ ድምፃቸው ተቆራርጦ። "እውነትሽን ነው? ልታጽናኚኝ ብለሽ አይደለም?"

"ታክሲ ደግሞ አለፈ፣ አባባ። ቢጫ። አሁን ደግሞ ብስክሌት እየመጣ ነው።"

ብስክሌቱ መጣ። እሳቸውም እጃቸውን ፊታቸው ላይ አድርገው አለቀሱ። እሷም ከማልቀስና ከመሳቅ የቱን እንደምታስቀድም ግራ ገብቷት ክንዳቸውን ይዛ ተቀመጠች።

ከዚያ ተነስታ ወደ መስኮቱ ዞረች። ከእንጨቱ መዝጊያ ላይ ጉጥ ወድቆ የምስር ፍሬ የምታክል ቀዳዳ ተከፍታለች። መስኮቱን በጠረገች ጊዜ ሁሉ ያቺን ቀዳዳ አይታታለች፣ ግን ንቃ ትታታለች። ጣቷን ጣል አደረገችባት። ግድግዳው ድርግም አለ። ጣቷን አነሳች፤ መንገዱ ከነሰዉ ተመለሰ። ሽማግሌው እንደገና፣ እንደገና አስደረጓት።

እንዴት እንደሚሆን ሲጠይቋት ክራንቻቸውንና ጃንጥላውን አነሳች። ብርሃን ግትር ነገር ነው አለቻቸው፤ መሪ የለውም፣ የሚያስቆመው ወይም የሚመልሰው ነገር እስኪያገኝ ድረስ ቀጥ ብሎ ነው የሚሄደው። ማዶ ያለው ሰው ላይ ፀሐይ ታርፋለች፣ ከሰውነቱም ብርሃኑ ወደየአቅጣጫው ይበተናል። በዚህች ቀዳዳ ግን ሊገባ የሚችለው በትክክል ወደዚህ የተነጣጠረው ብቻ ነው። ክራንቹን ከላይ ወደ ታች አዘንብላ ያዘችው፤ ይሄ ከጭንቅላቱ የመጣው ነው። ጃንጥላውን ከታች ወደ ላይ አድርጋ በክራንቹ ላይ አጣለፈችው፤ ይሄ ደግሞ ከእግሩ። ሁለቱ ቀዳዳዋ ላይ ይተላለፋሉ። ስለዚህ የጭንቅላቱ ብርሃን ግድግዳው ላይ ወደ ታች ያርፋል፣ የእግሩ ደግሞ ወደ ላይ። ግራና ቀኙም እንደዚያው። ከአምፖሉም ከኮሪደሩም የሚመጣ ሌላ ብርሃን ሲገባ ግን ሥዕሉ ደብዛው ይጠፋል፤ እኛ በገባን ቁጥር ያጠፋነው ለዚህ ነው።

ሽማግሌው የተጣለፉትን ነገሮች ትኩር ብለው አዩ። "ጠባብ ድልድይ ነዋ" አሉ። "ከወዲያ የመጣው ወዲህ፣ ከወዲህ የመጣው ወዲያ። ሳይጋጩ?"

"ብርሃን ከብርሃን አይጋጭም፣ አባባ።"

"ታዲያ ከሾፌር ይሻላል" አሉ። ከስንት ሳምንት በኋላ የሰማችው የመጀመሪያ ቀልዳቸው ነበር።

ባሏ ከሥራ ሲመለስ ፀሐይዋ ዞራ ስለነበር እስከ ማግስቱ መጠበቅ ነበረበት። ጠዋት ግን ከአባቱ አልጋ ጠርዝ ተቀምጦ ግድግዳውን እያየ አንገቱን ደፋ። እህቱ ስትጠራ በሥራ ልብሷ መጣች። አባትየው እሷን ውጭ ላኳት፤ ማዶ ሄዳ እጇን እንድታወዛውዝ። እሷም ያለ ክርክር ሄደች። ተዘቅዝቃ ግድግዳው ላይ ብቅ ስትል፣ እጇን ወደ ታች እያወናጨፈች፣ ሽማግሌው እሷ እንደማታያቸው እያወቁ እሳቸውም መልሰው አወዛወዙ። ተመልሳ ስትገባ ግንባራቸውን ሳመች። ስለ መጦሪያው ከዚያ ወዲህ ማንም አላነሳም፤ አባትየውም ሰምተው እንደነበር ለማንም አልነገሩም።

ዓይኔ በዚህ አላቆመችም። ቀዳዳዋ ጠባብ ናት፣ የምታስገባው ብርሃን ትንሽ ነው። ሰፋ ብትደረግ ደግሞ ሥዕሉ ይደፈርሳል፣ ምክንያቱም ከአንድ ነጥብ የሚመጣው ብርሃን በሰፊው ገብቶ በሰፊው ያርፋል። የተበተነውን መልሶ አንድ ቦታ የሚሰበስብ ነገር ያስፈልጋል፣ ያም እሷ በየቀኑ የምትቆርጠው ሌንስ ነው። የመነጽር ቤቷን ባለቤት ጠይቃ፣ ጠርዙ ተሸርፎ ከተጣሉት መካከል ደከም ያለ የማንበቢያ ሌንስ ወሰደች። ባሏ ቀዳዳዋን የሳንቲም ያህል አስፋት። ሌንሱ ሲገባ ግን ግድግዳው ላይ ጭጋግ ብቻ ሆነ። ባሏ ምነው ባልነካነው ሲል እሷ ነጭ አንሶላ አምጪልኝ ብላ እህትየዋን ላከች። አንሶላውን ለሁለት ወጥረው ይዘው ከግድግዳው ወደ መስኮቱ በኩል ቀስ እያሉ ተጠጉ። አልጋው ግርጌ ላይ ሲደርሱ መንገዱ በድንገት ጠራ። የሱቁ በር እጀታ፣ የአንዲት መንገደኛ ሻሽ ላይ ያለው አበባ፣ የዛፉ ቅጠል ነፋስ ሲነካው ሳይቀር። ብርሃኑ የሚገናኝበት ቦታ እዚያ ነው፣ ከዚያ ወዲያ ተላልፎ ይበተናል አለች ዓይኔ። ባሏ አንሶላውን እዚያው ገመድ ላይ ሰቀለው።

ሽማግሌው ከዚያ ወዲያ መንገዱን እንደ ራሳቸው ግቢ አወቁት። ጫማ ጠራጊው ዛሬ ዘገየ፣ ያቺ አስተማሪ አዲስ ጃንጥላ ገዛች እያሉ ያወራሉ። ምግባቸውም ተመለሰ። አንድ ቀን ታዲያ ክራንቹን አምጡልኝ አሉ። ሲጠየቁ፣ ማዶ ያለው ሽማግሌ በየቀኑ ብቻውን ሰሌዳ ዘርግቶ ዳማ ከራሱ ጋር ይጫወታል፣ ያሳዝነኛል አሉ። መጀመሪያ እስከ በሩ፣ ከዚያ እስከ ኮሪደሩ መጨረሻ፣ እያጉተመተሙና እየተሳደቡ ተራመዱ። ልጆቻቸው ሲደግፏቸው ይቆጣሉ፣ ካልደገፏቸውም ይቆጣሉ።

መንገዱን በተሻገሩበት ጠዋት ወንድ ልጃቸው በአንድ ጎን፣ ሴት ልጃቸው በሌላ ጎን ነበሩ። ዓይኔ ልትከተል ስትል፣ አንቺ እዚህ ሁኚና እዪኝ አሏት። በሩን ዘግታ አልጋቸው ላይ ተቀመጠች። ትንሽ ቆይቶ አንሶላው ላይ ሦስት ሰዎች ብቅ አሉ፤ መካከለኛው በክራንች እየተመረኮዘ፣ ቆም እያለ፣ መኪና እስኪያልፍ እየጠበቀ። ተዘቅዝቀውም ቢሆን አካሄዳቸውን ታውቃለች። ማዶ ደርሰው የዳማው ሽማግሌ ተነስቶ ወንበሩን ሲለቅላቸው አየች። ስለ ሁሉም ነገር አመሰገነች፤ ስለወደቀችው ጉጥ፣ ስለ ተሸረፈው ሌንስ፣ ስለ አክስቷ፣ "ዓይን አመጣህልኝ" ስላሉት ሰው። ምስጋናዋ ቅደም ተከተል አልነበረውም።

በሳምንቱ ከሥራ ስትወጣ ወደ ክሊኒኩ ጎራ አለችና ሐኪሙን አመሰገነችው። እሱ መጀመሪያ አላስታወሳትም። ነገሩን ስትነግረው ግን እስክሪብቶውን አስቀመጠና ወንበሩን ወደ እሷ ሳበ። እኔ ምንም አላደረግሁም፣ የተቀመጥሽው አንቺ ነሽ አላት።

"ተቀመጡ ያሉን እርስዎ ነዎት፣ ዶክተር" አለችው። "እንደዚያ የሚል ሰው ባናገኝ ኖሮ እሳቸውን በገዛ እጃችን እናጣቸው ነበር።"

ሐኪሙ እሑድ መጥቶ ማየት ይችል እንደሆነ ጠየቃት፣ እንደ ማፈር ብሎ። እሑድ ጠዋት መጣ። ሽማግሌው በክራንቻቸው በር ድረስ ወጥተው ተቀበሉትና የራሳቸውን አልጋ አሳይተው ተቀመጥ አሉት። ዓይኔ ሻይ ልታፈላ ስትወጣ በሩን ቀስ አድርጋ ዘጋችው። ከወጥ ቤት ሆና የአማቷን ድምፅ ትሰማ ነበር፤ በመንገዱ ላይ የሚያልፈውን እያንዳንዱን ሰው በሙያውና በጠባዩ ለእንግዳው ያስተዋውቁ ነበር።