“ሙዚቃ ነበረው እንዴ?”

ሰርፀ ቀን ቀን ኮንየርስ የሚባል ከተማ ያለ መጋዘን ውስጥ ዕቃ ማንሻ ፎርክሊፍት ይነዳል። ከሥራ ሲመለስ ሊቶኒያ ከተማ ያለው ቤቱ ምድር ቤት ወርዶ ለፊልም ሙዚቃ ይደርሳል። ፊልሞቹ ትልልቆቹ ስቱዲዮዎች የሚያወጧቸው ዓይነት አይደሉም፤ ወጣቶች ከጓደኞቻቸው ጋር ተረዳድተው የሚቀርጿቸው ናቸው። ሚስቱ ከተለየችው ወዲህ ከምድር ቤቱ ና ውጣ የሚለው ሰው የለም።

ዘንድሮ ዊንተሩን ሙሉ የሠራው ሚካኤላ ለምትባል ዳይሬክተር ነበር። ባሏ የሞተባት ሴት ልብሶቹን አጣጥፋ ለሰው ስትሰጥ የሚያሳይ ፊልም ነው። ለዚያ ትዕይንት የላከላትን ሙዚቃ ሰምታ ደወለችለት።

“ሰርፄ፣ ቆንጆ ነው፣ ግን በጣም ይሰማል። ሰው ሴትዮዋን እንዲያይ ነው የምፈልገው።”

ቅር አለው። ቢሆንም ቫዮሊኖቹን አወጣ፤ ፒያኖውንም ተወው። በመጨረሻ አንድ ቼሎ ብቻ ቀረ፤ እሱም ትንፋሽ የሚያህል። ይህን ወደደችለት።

ፊልሙ የታየው እሑድ ከሰዓት፣ አንዲት ትንሽ ሲኒማ ቤት ውስጥ ነው። ልጁ ያብስራ እመጣለሁ ስላለችው አጠገቡ ያለውን ወንበር በጃኬቱ ያዘላት። መብራቱ ሊጠፋ ሲል ቴክስት ገባ፤ “አባቢ ሶሪ፣ ሥራ ላይ ተያዝኩ። ሶ ፕራውድ ኦፍ ዩ!” ጃኬቱን አንስቶ ጭኑ ላይ አደረገው።

ፊልሙ አልቆ የሠራተኞቹ ስም ስክሪኑ ላይ መውጣት ሲጀምር ሰዉ እያወራ ወጣ። ሰርፀ ከመቀመጫው አልተነሳም። ከፊቱ ባለው ረድፍ ላይ አንዲት ነጠላ የለበሱ እናት ብቻ ቀርተዋል።

“አንተስ ምነው አልወጣህም፣ ልጄ?”

“ስሜ እስኪመጣ ነው፣ እማማ። ሙዚቃውን የሠራሁት እኔ ነኝ።”

ዞር ብለው አዩት። “ሙዚቃ ነበረው እንዴ?”

ሰርፀ ጭኑ ላይ ያለውን ጃኬት ወደ ራሱ ሳብ አደረገ።

“እኔማ ልብሱን ስታጥፍ እንባዬ መጣ” አሉ። “ባለቤቴ ከሞተ ስንት ዘመኑ! አልቅሼ የጨረስኩ መስሎኝ ነበር። ምን እንደነካኝ እንጃ።”

“እዚያ ጋ ቼሎ ነበር” አለ ቀስ ብሎ። “አንድ ብቻ።”

“እንግዲያው አንተ ነሃ ያስለቀስከኝ!”

ስሙ ወጣ። በጣቱ አሳያቸው፤ መነጽራቸውን ከቦርሳቸው እስኪያወጡ ግን አለፈ።

“በል በአፍህ ንገረኝ።”

“ሰርፀ።”

“ሰርፀ” አሉ እሳቸውም። “እኔ ኤልፍነሽ እባላለሁ፤ የሚካኤላ አክስት ነኝ።”

ወዲያው ሚካኤላ ከበሩ ብቅ አለች። “አክስቴ፣ ሰዎቹ መኪና ውስጥ እየጠበቁን ነው። ሰርፄ፣ ታንክ ዩ ሶ ማች! እደውልልሃለሁ፣ ኦኬ?” ደግፋ ይዛቸው ሄደች። ኤልፍነሽ በሩ ጋ ደርሰው አንድ ጊዜ ዞር ብለው አዩት።

ሰርፀ የራሱ መኪና ውስጥ ሆኖ ወደ ያብስራ ደወለ። አላነሳችም፤ መልእክት ተወላት።

“ያቢ፣ አንዲት እናት ሙዚቃዬን ሳይሰሙት አለቀሱ።”

ስልኩን ዘግቶ ወደ ሊቶኒያ ነዳ።